ደሴ ላይ እናቶችን በወጉ የሚያነሳ ፎቶ ቤት

ደሴ ውስጥ እናታችሁን ወይ አያታችሁን ፎቶ ለማስነሳት የምትፈልጉ፣ ፒያሳ አካባቢ አንድ ጎበዝ ፎቶ ቤት አለ። አክስቴን ይዣት ሄጄ በጣም ወድጄዋለሁ።

ሌላ ቦታ ስትሄዱ የባህል ልብስ ያከራዩና ባዶ ጀበና አስይዘው ያነሳሉ። እዚህ ግን ልጁ ካሜራውን ሳይነካ «እማማ፣ ቤት ውስጥ ምን ይሠራሉ?» ብሎ ጠየቃት። ትፈትላለች። በነጋታው እንዝርቷን ይዛ፣ የራሷን ጥልፍ ቀሚስ ለብሳ፣ ሻሿን እንዳሰረች መጣች። «ፈገግ በይ» የለ፣ «አንገትሽን ዘንበል» የለ። «አብሽሩ እማማ፣ እኔን እርሱኝና ይፍተሉ» ብቻ ነው ያላት። ፎቶው ላይ አውራ ጣቷ ላይ ያለው ጠባሳ ሳይቀር ይታያል።

ግድግዳቸው ላይ የቦሊቪያ ሴቶች ትልቅ ፎቶ ሰቅለዋል። አይማራ የሚባለው የአገሬው ነባር ሕዝብ ሴቶች ናቸው፤ ሰፊ ሽንሽን ቀሚሳቸውን እንደለበሱ በረዶ ላይ ቆመዋል። ከመሃላቸው ለተራራ ወጪዎች ምግብ ሲያበስሉና ዕቃ ሲሸከሙ የኖሩ አሉ፤ እ.ኤ.አ. በ2019 መጀመሪያ ግን ከነዚህ ሴቶች መካከል የደቡብ አሜሪካ ትልቁ ተራራ አኮንካጓ አናት ላይ የወጡ አሉ፣ 6,961 ሜትር! አገራቸው ውስጥ ይህን ቀሚስ የለበሰች ሴት አንዳንድ ሆቴልና ምግብ ቤት አትገባም ትባል ነበር፤ ቴሌቪዥን ላይ ብትታይም የቤት ሠራተኛ ወይ መሳቂያ ሆና ነው። ሬሜዲዮስ ሎሳ በዚሁ ቀሚስ ሬዲዮና ቴሌቪዥን ላይ ሠርታ እ.ኤ.አ. በ1989 ፓርላማ ተመረጠች፤ እንዲህ ለብሳ ምክር ቤት የገባች የመጀመሪያዋ ሴት ናት። ዛሬ ቴሌቪዥን አቅራቢዎችም፣ ስኬትቦርድ የሚጫወቱ ወጣቶችም ለብሰውት ይታያሉ።

ለኛ ለወሎዬዎች ነገሩ ሩቅ አይደለም። በ1977ቱ ረሃብ ኮረም ላይ የተቀረጸው ምስል ዓለምን ካዳረሰ በኋላ፣ ለውጭ ሰው የወሎ እናት ማለት ያቺ ኩርምት ብላ የተቀመጠችው ሆና ቀረች። እኛም ራሳችን ክሊፕ ላይ ቆንጆ ብቻ አደረግናት። ባቲ ገበያ ነግዳ ልጆቿን የምታሳድገው ሴትዮ የት ሄደች? ይሄ ሁሌም ያንገበግበኛል። ይህ ፎቶ ቤት እሷን ነው የሚያነሳው።

ጉድለትም አለው። መጀመሪያ የላኩልን ፎቶ ላይ ፊቷን ቀላ አድርገው ሽብሽቡን አጥፍተውት ነበር፤ ስንነግራቸው ሳያስከፍሉ መለሱት። ዋጋው ወደድ ይላል። ፍሬማቸው አይረባም፣ ሌላ ቦታ ግዙ። ቅዳሜና እሁድ ሙሽራ ስለሚበዛ በሥራ ቀን ጠዋት ሂዱ፤ ልብሱን ከቤት ያዙ፣ ፊልተር እንደማትፈልጉም ቀድማችሁ ንገሯቸው።