ታጣፊው የሕፃን መጫወቻ ምንጣፍ ከወራት በኋላ

ልጃችን በሆዷ መተኛት ከተለማመደችበት ጊዜ አንስቶ አሁን ድክ ድክ እስከምትልበት ድረስ የተጫወተችው በአንድ ምንጣፍ ላይ ነው። ታጣፊ ነው። ኤክስፒኢ ከሚባለው ፎም የተሠራ፣ ውፍረቱ 1.5 ሴንቲ ሜትር የሆነ፣ ሁለት ሜትር በሜትር ተኩል የሚሆን። ለሃጭ፣ ሽንት፣ የፈሰሰ ወተት፣ ሁሉንም አይቷል።

ልንገዛ ስንል ሰው ሁሉ የሚመክረን ወፍራምና ለስላሳ የሆነውን ነበር። እኔ ጠንከር ያለውን ነው የፈለግኩት፤ ዛሬም የምመክረው እሱኑ ነው። ሕፃን በሆዷ ስትተኛ ክንዷን ተመርኩዛ አንገቷን ቀና ማድረግ አለባት። ከሥሯ ያለው ነገር የሚሰምጥ ከሆነ ክርኗም አብሮ ይሰምጣል፣ አፍንጫዋም ወደ ታች ይደፋል። ወፍራም ብርድ ልብስ ላይ ስናስተኛት ወዲያው ትነጫነጭ ነበር። ምንጣፉ ላይ ግን ክርኗ ቦታውን ይዞ ይቀራል፣ ደረቷ ቀና ይላል፣ ዓይኗም መጫወቻ ፍለጋ ይዞራል። የዓለም ጤና ድርጅት በ2019 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ፣ ገና መንቀሳቀስ ያልጀመሩ ሕፃናት ነቅተው ባሉበት ሰዓት በቀን ቢያንስ 30 ደቂቃ፣ ከፋፍለውም ቢሆን፣ በሆዳቸው እንዲቆዩ ይመክራል። ለምትነጫነጭ ልጅ 30 ደቂቃ ብዙ ነው። የሚደግፋት ነገር ከሥሯ ሲኖር ግን ጊዜው ሳይታወቅ ይሄዳል።

ከመግዛታችሁ በፊት በመዳፋችሁ ጫን አድርጉት። እጃችሁ ሲነሳ ቅርጹ ቶሎ መመለስ አለበት። ከዚያ ተንበርከኩበት። የወለሉ ጥንካሬ ጉልበታችሁ ላይ ከተሰማችሁ ቀጥኗል ማለት ነው።

መቀመጥ ስትጀምር ውፍረቱ ተፈተነ። ወደ ኋላ ትገለበጣለች፣ ዷ ይላል፣ ደንግጣ ታለቅሳለች፣ ትንሽ ቆይታ እንደገና ትቀመጣለች። ለዚህ ዓይነቱ መገልበጥ 1.5 ሴንቲ ሜትር በቂ ሆኖ አግኝቼዋለሁ። ከሶፋ ወይም ከአልጋ ለሚወድቅ ልጅ ግን የትኛውም ምንጣፍ ዋስትና አይሆንም። አጠገቧ የሚቀመጥ ሰው ሁልጊዜ አለ፤ ምንጣፉ እሱን አይተካም።

ለምን ከቁርጥራጭ የሚገጣጠመውን የፎም ምንጣፍ አልወሰድኩም? ጥርስ የምታበቅል ልጅ የያዘችውን ሁሉ ታኝካለች። ያን ምንጣፍ ደግሞ ቁራጭ በቁራጭ መንቀል ትችላለች፣ በተለይ ትንንሾቹን የጠርዝ ክፍሎች። ተነክሶ የተገነጠለ የፎም ብጣሽ ጉሮሮ ውስጥ ሊቀረቀር ይችላል። በየመገጣጠሚያው ቆሻሻ መግባቱም አለ። አንድ ወጥ የሆነ ምንጣፍ እነዚህን ሁለቱንም ጭንቀቶች ይቀንሳል።

ሌላው የኬሚካል ጉዳይ ነው። የሚገጣጠሙት ምንጣፎች በብዛት የሚሠሩት ኢቪኤ ከሚባለው ፎም ሲሆን ፎርማማይድ የተባለ ለጤና የማይበጅ ኬሚካል ሊወጣቸው ይችላል። ቤልጂየም በ2010 እ.ኤ.አ. መጨረሻ ላይ በዚሁ ምክንያት ሽያጫቸውን ለጊዜው አግዳ ነበር። የአውሮፓ ኅብረትም በ2015 እ.ኤ.አ. ለፎም መጫወቻዎች የፎርማማይድ ገደብ አወጣ። ስለዚህ ማሸጊያው ላይ «ከመርዝ ነፃ» የሚል ጽሑፍ አይቶ መርካት አይበቃም። ለፎርማማይድ መመርመሩን፣ ፒቪሲ ከሚባለው ፕላስቲክ የተሠራ ከሆነ ደግሞ ለፍታሌት (ፕላስቲክ ለማለስለስ ለሚጨመረው ኬሚካል) መመርመሩን ጠይቁ። የእኛው ሲከፈት ቀለል ያለ ሽታ ነበረው። መስኮት ከፍተን ዘርግተን አናፈስነው፤ ሽታው እስኪጠፋም ልጅቷን አላስቀረብናትም። አየር አግኝቶም የሚከረፋ ምንጣፍ ቢገጥመኝ ወዲያውኑ እመልሰዋለሁ።

ማጽዳቱ ቀላል ነው፤ እርጥብ ጨርቅና ለስላሳ ሳሙና ይበቃዋል። ሰው የሚረሳው ግን ከሥሩ ያለውን ነው። ወለላችን ሴራሚክ ነው። ምንጣፉን ሳናነሳው ስንቆይ ከሥሩ ላብ የመሰለ እርጥበት አገኘን፤ ሻጋታ የሚጀምረው ከዚያ ነው። አሁን ማታ ማታ አጥፈን ግድግዳ እናስደግፈዋለን፤ ወለሉም ምንጣፉም ይደርቃል። የታጣፊነቱ ትልቁ ጥቅም ለእኔ ይሄ ነው።

እንቅልፍ ከወሰዳት እዚያው አንተዋትም። አልጋዋ ውስጥ በጀርባዋ እናስተኛታለን። ምንጣፉ የጨዋታ ነው።

መቆም ስትጀምር አንድ ድክመት አየሁ። የላይኛው ሽፋን ልሙጥ ስለሆነ ካልሲ ያንሸራትታል። ለሃጭ ሲጨመርበት ይብሳል። ባዶ እግሯን ስትሆን ግን ጣቶቿ ቆንጠጥ አድርገው ይይዙታል፣ ትቆማለች። እኛም ካልሲውን ተውነው።

ከሁሉ በላይ ያረጀው መታጠፊያው ነው። በየቀኑ በሚታጠፍበት መስመር ላይ ስስ ሽፋኑ ነጣ ብሏል። አንደኛው ጥግ ላይ ደግሞ ሽፋኑ መላጥ ጀምሯል፤ ልጅቷም መጀመሪያ ያገኘችው እሱን ነው። በጥፍሯ ትፈለቅቀዋለች። ለጊዜው ጥጉን ወደ ግድግዳው አዙረን ከእጇ አርቀነዋል። ልጣጩ ከሰፋ ወይም የውስጡ ፎም ከታየ ግን ይጣላል፤ በፕላስተር እየለጠፍን አናቆየውም። ሌላ ብገዛ ያንኑ ፎም፣ ያንኑ ውፍረት እወስዳለሁ። ጠርዙ ግን ዙሪያውን በሙቀት የተዘጋ፣ በጥፍር ሲፈለቀቅ የማይነሳ መሆኑን በእጄ ሞክሬ ነው የምገዛው።