ኢየሩሳሌም ለምትሳለሙ ሁሉ፦ «የመሬት ውስጥ ልዩ ጉብኝት» ለሚሏችሁ አትክፈሉ

ይህን የጻፍኩት ለፋሲካ ኢየሩሳሌም ለመሄድ ደብረ ማርቆስ፣ ፍኖተ ሰላም፣ ቡሬና ባሕር ዳር ላይ እየተመዘገባችሁ ላላችሁ ነው። በተለይ ለእናቶቻችን። ቤት ውስጥ ስልክ የያዘ ልጅ ካለ እባካችሁ ጮክ ብሎ ያንብብላቸው።

የጉዞ ወኪሎች በየጽዋ ማኅበሩና በየሰንበቴው እየዞሩ ተሳላሚ ይመዘግባሉ። በዋናው ፓኬጅ ላይ ብዙ ቅሬታ የለኝም። አውሮፕላኑም አለ፣ ሆቴሉም አለ። ችግሩ የሚመጣው ግማሹን ክፍያ ከከፈላችሁ በኋላ ነው። ያኔ ሌላ ወረቀት ይወጣል። «ልዩ የከርሰ ምድር ጉብኝት» ይላል። ከጎልጎታ ሥር ያሉትን ሦስት ምስጢራዊ ንብርብሮች በአስጎብኚ ታያላችሁ፣ ንግሥት እሌኒ መስቀሉን ያገኘችበት ጉድጓድ ድረስ ትወርዳላችሁ፣ ለሕዝብ ያልተከፈተ ቦታ ትገባላችሁ ይላል። እናቴ ስትሄድ ዋጋው በሰው 150 ዶላር ነበር፣ በዕለቱ ምንዛሬ ታስቦ በብር የሚከፈል።

እናቴ ከፈለች። የማኅበሯ እናቶችም ከፈሉ። የእናቴ ገንዘብ ከፊሉ እኛ ልጆቿ ያዋጣነው ነው፤ ከፊሉ በርበሬ ሸጣ ያጠራቀመችው ነው። ለምን እንደከፈሉ ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። እሌኒ ደመራ አስደምራ፣ ዕጣን አስጨምራ፣ ጢሱ ወደ ላይ ወጥቶ ተመልሶ መስቀሉ ካለበት ላይ እንደሰገደ በየዓመቱ መስከረም 16 እና 17 ሲሰሙ ነው ያደጉት። ለእነዚህ ሰዎች «ቦታውን ላሳያችሁ» ማለት ምን ማለት እንደሆነ ሻጩ አሳምሮ ያውቃል። የሸጠውም እሱን ነው።

አሁን እውነቱን እንነጋገር። የጎልጎታ ቤተ ክርስቲያን መግቢያ በነጻ ነው። ቲኬት የሚባል ነገር የለውም። እኛ ዘጌ ዑራ ኪዳነ ምሕረት ጎብኚ ቲኬት ሲቆርጥ ስለምናይ እዚያም እንዲሁ ይመስለናል። አይደለም። ከንጋት ጀምሮ በሩ ክፍት ነው፤ የፈለገ ይገባል። ወደ ታች የሚወስደውም ደረጃ ከዚያው ውስጥ ነው፤ እሱም አይከፈልበትም።

መንገዱን ልንገራችሁ፤ ማንም ሳይመራችሁ ታገኙታላችሁ። ከግሪኮቹ መቅደስ በስተጀርባ ዞራችሁ ስትሄዱ ወደ ታች የሚወርድ ሰፊ የድንጋይ ደረጃ አለ። ስትወርዱ ግድግዳውን ቀስ ብላችሁ እዩት። ጥቃቅን መስቀሎች ድንጋዩ ላይ ተቀርጸዋል፤ አንዱ ካንዱ ጎን፣ ረድፍ በረድፍ፣ ለቁጥር የሚያዳግቱ። በጣት ሲዳስሷቸው ጠርዛቸው ከብዛት መነካካት ለስልሷል። ደረጃው የሚያደርሳችሁ የቅድስት እሌኒ ቤተ ጸሎት ከሚባለው ነው፤ የአርመኖች ነው። ከጣሪያው ብዙ ቀንዲል ተንጠልጥሏል። ከዚያ በስተቀኝ ሌላ ጠባብ ደረጃ አለ። እሱን ስትወርዱ መስቀሉ የተገኘበት ቦታ ትደርሳላችሁ። ይኸኛው የካቶሊኮች ነው። ግድግዳው ያልተለበጠ አለት ነው፤ ይቀዘቅዛል፣ ይረጥባል። እሌኒ መስቀሉን ይዛ የቆመችበት የነሐስ ሐውልት አለ። ይኸው ነው። «ሁለተኛው ምስጢራዊ ንብርብር» ብለው የሸጡት ይህን ነው። ምስጢር የለበትም፤ መላው ዓለም ይወርድበታል።

ሦስተኛ ያሉት የአርመኖች የቅዱስ ቫርታን ቤተ ጸሎት ነው። ይህ እውነትም አለ። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ በቁፋሮ የተገለጠ ነው፤ ጥንታዊ ተሳላሚዎች የሣሉት የሚባል የመርከብ ሥዕል አለበት። ግን ተቆልፎ ነው የሚውለው። ቁልፉ ያለው አርመኖቹ ዘንድ ነው፤ ለመግባት ከእነሱ ፈቃድ ያስፈልጋል። በዚያ ቤተ ክርስቲያን ግሪኮች፣ ካቶሊኮች፣ አርመኖች፣ ግብፆች፣ ሶርያውያንና እኛ እያንዳንዳችን የየራሳችን ድርሻ አለን። አንዱ የሌላውን ሻማ እንኳ አያንቀሳቅስም። የዋናውን በር ቁልፍ የሚጠብቁት ደግሞ ሁለት የሙስሊም ቤተሰቦች ናቸው፤ ከጥንት ጀምሮ። እንዲህ ባለ ቦታ አንድ የጉዞ ወኪል ከደብረ ማርቆስ ተነሥቶ የአርመኖችን በር «አስከፍታለሁ» ሲል የፈቃዱን ወረቀት ሳያሳይ አትመኑት።

በቅርቡ ደግሞ አዲስ ማባበያ መጥቷል። እ.ኤ.አ. ከ2022 ጀምሮ የቤተ ክርስቲያኑ ወለል እየተነሣ ሲጠገን ቆይቷል። የሮም ሳፒየንዛ ዩኒቨርሲቲ ባለሙያዎች በዚያው ቁፋሮ ሲያካሂዱ ቆይተዋል። ቦታው መጀመሪያ የድንጋይ ካባ ነበር፤ በኋላ አትክልት የሚለማበት መሬት ሆኗል። ከዚያ ሮማውያን የጣዖት ቤት ሠሩበት። ቆስጠንጢኖስ ያን አስፈርሶ ያሠራው ቤተ ክርስቲያን እ.ኤ.አ. በ335 ተመረቀ፤ በ1009 ፈረሰ፤ እንደገና ተሠራ። ንብርብር ማለት እንግዲህ ይህ ነው፤ ታሪኩ ውሸት የለውም። ውሸቱ «እዚያ ቁፋሮ ውስጥ እናስገባችኋለን» የሚለው ነው። ያ የባለሙያዎች ሥራ ነው፤ በፓኬጅ የሚሸጥ ጉብኝት አይደለም።

እናቴና ጓደኞቿ ያገኙትን ስሙ። አስጎብኚ የተባለው አብሯቸው ከአዲስ አበባ የተነሣ የወኪሉ ሠራተኛ ነበር። አንገቱ ላይ ምንም መታወቂያ አልነበረም። እስራኤል ውስጥ ማስጎብኘት ፈቃድ የሚጠይቅ ሥራ ነው፤ ፈቃድ ያለው አስጎብኚ መታወቂያውን ይዞ ነው የሚዞረው። ልጁ እነሱን ይዞ በዚያ ለሁሉም ክፍት በሆነው ደረጃ ወረደ። ከጎናቸው ሕንዶችና ሩሲያውያን ምንም ሳይከፍሉ ይወርዳሉ፣ ይወጣሉ። ታች ሲደርሱ ወደ ተዘጋው በር ጠቆመና «ሦስተኛው ንብርብር ከዚህ በር ኋላ ነው» አላቸው። በሩን አይተው ተመለሱ።

ይህ ብቻ ቢሆን ገንዘብ ነው ብዬ በዝምታ አልፈው ይሆናል። ያናደደኝ ሌላው ነው። ለዚያ ጉብኝት ሰዓት ወጣ ተብሎ ዴር ሱልጣንን በሩጫ አለፉት። አውቶቡሱ እየጠበቀ ነው ተባሉ።

ዴር ሱልጣን የት እንደሆነ የማታውቁ ካላችሁ፣ የእኛ ገዳም የሚገኘው እዚያው የጎልጎታ ቤተ ክርስቲያን ጣሪያ ላይ ነው። መነኮሳቱ የሚኖሩት በጭቃ በተለሰኑ ጥቃቅን ጎጆዎች ውስጥ ነው። ከግብፆች ጋር ስንት ዘመን የተከራከርንበት፣ አባቶቻችን ተርበውም ተጠምተውም ያልለቀቁት ቦታ ነው። ግቢው መሐል ላይ አንድ ጉልላት አለ። ዙሪያውን መስኮት አለው። ያ ጉልላት ምን መሰላችሁ? የቅድስት እሌኒ ቤተ ጸሎት ጣሪያ ነው። ታች ላሉት ብርሃን የሚገባላቸው ከእኛ መነኮሳት ግቢ ነው። በፋሲካ ዋዜማ አባቶች ጥላ ዘርግተው፣ ከበሮ እየመቱ፣ እየዘመሩ የሚዞሩት ያንን ጉልላት ነው። እናቶቻችን ታች ለመውረድ 150 ዶላር የከፈሉበት ቤት ጣሪያው እኛ ግቢ ነው ማለት ነው። ይህን የነገራቸው የለም። ከደብሯ ጧፍና ዕጣን ለመነኮሳቱ ይዛ የሄደች አንዲት እናት ነበረች። ለመስጠት እንኳ ፋታ አጣች። ዕጣኑ ተመልሶ ጎጃም ገባ።

ስለዚህ ከሄዳችሁ ቅድሚያ ለዴር ሱልጣን ጊዜ ይሰጣችሁ ብላችሁ ተከራከሩ። እዚያ ሆናችሁ መነኮሳቱን ጠይቁ። በአማርኛ ያስረዷችኋል። ከገዳሙ በአርባዕቱ እንስሳና በቅዱስ ሚካኤል በኩል አድርጋችሁ ስትወርዱ በቀጥታ ጎልጎታ በር ላይ ትወጣላችሁ።

ሌሎቹም ከመሬት በታች ያሉ ቅዱሳን ቦታዎች አብዛኞቹ ነጻ ናቸው። ጌቴሴማኒ ያለው የእመቤታችን መቃብር ረጅም ደረጃ ተወርዶ የሚገባበት ነው፤ አይከፈልበትም። ቤተልሔም ጌታ የተወለደበት ዋሻ አይከፈልበትም፤ ወረፋው ግን ያደክማል። እዚያው ቤተ ክርስቲያኑ ወለል ላይ የተከፈተ የእንጨት መዝጊያ ካያችሁ ጎንበስ ብላችሁ ተመልከቱ፤ ከሥር የሚታየው ያጌጠ ወለል የጥንቱ ቤተ ክርስቲያን ነው። በአንጻሩ ዶሮ የጮኸበት የሚባለው የቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን፣ ቤተ ሳይዳ መጠመቂያው ያለበት ግቢና የምዕራቡ ግንብ ዋሻ መግቢያ ያስከፍላሉ። እነዚህ በፓኬጁ ውስጥ ተካተው እንደሆነ ጠይቁ። ተካተዋል ከተባለ ደግሞ ስማቸው በወረቀት ላይ ይጻፍ።

አንድ ነገር ለአረጋውያን፦ የእሌኒ ደረጃ ያረጀ ድንጋይ ነው፣ ያንሸራትታል፣ ሊፍት የለውም። ጉልበቱ የሚያመው ሰው ከላይ ሆኖ ቢሳለም ምንም አይቀርበትም። ከፍለሃልና ውረድ ብሎ የሚጎትት አስጎብኚ ካለ እሺ አትበሉት።

ገንዘቡን በተመለከተ። የእናቴ ቡድን ለዋናው ጉዞ በድርጅቱ ስም ደረሰኝ ተቀብሏል። ለ«ልዩ ጉብኝቱ» ግን በግለሰብ ሒሳብ ነው ያስገቡት። የባንክ ማረጋገጫው ላይ የሚታየው የሰው ስም ነው፤ የድርጅት ስም የለም። አሁን ወኪሎቹ ሲጠየቁ «እኛ አናውቅም፣ ከልጁ ጋር ተነጋገሩ» ይላሉ። ስለዚህ በግለሰብ ስም አትክፈሉ፤ በባንክም ሆነ በቴሌብር። የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር ያለበት ደረሰኝ ተቀበሉ። ዋጋው በዶላር ተጽፎ «በዕለቱ ምንዛሬ» የሚል ከሆነም የብሩን ቁጥር አስቆርጡና አስጽፉ። አለዚያ ምንዛሬው ጨመረ እየተባለ ሁለተኛ ዙር ይጠየቃል፤ የእናቴ ማኅበር ተጠይቋል።

ሌላው ጉዞው ቢሰረዝስ የሚለው ነው። በዚያ አገር ጦርነት ሲነሣ በረራ ይቆማል፣ ቪዛም ይዘገያል። ገንዘቡ በስንት ቀን እንደሚመለስና ምን ያህሉ እንደሚቆረጥ ውሉ ላይ ካልሰፈረ አትፈርሙ። «እግዚአብሔር ያውቃል» ብለው ሲያልፏችሁ እንዳትለቁ። እግዚአብሔርማ ያውቃል፤ ውሉን የሚጽፉት ግን እነሱ ናቸው።

በሕግም መብት አላችሁ። የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ሸማች ስለሚገዛው አገልግሎት በቂና ትክክለኛ መረጃ የማግኘት መብት እንዳለው ይደነግጋል፤ አሳሳች ማስታወቂያንም ይከለክላል። በነጻ የሚገባበትን ቦታ በ150 ዶላር መሸጥ፣ ተዘግቶ የሚውልን በር «እናስገባችኋለን» ብሎ ማስተዋወቅ ከዚህ ሌላ ምን ይባላል? እኛ አቤቱታችንን በጽሑፍ ለንግድ ቢሮ አስገብተናል። የማስታወቂያ ወረቀቱንና የባንክ ማረጋገጫውን አያይዘናል።

የከፈላችሁና ገና ያልሄዳችሁ ካላችሁ አሁኑኑ፣ ከመነሣታችሁ በፊት፣ ያ ተጨማሪ ክፍያ እንዲመለስላችሁ በጽሑፍ ጠይቁ። በቃል አይሁን። ጥያቄያችሁን ፎቶ አንሥታችሁ አስቀምጡ። ከእናቴ ጋር ሄዳችሁ የተመለሳችሁ ደግሞ ወረቀቱን እንዳትጥሉ፤ ኮፒውን ለማኅበሩ ጸሐፊ ስጡ። ስማችሁን አቤቱታው ላይ እንጨምራለን።