ጊዜው ነው የሚዞረው ወይስ ተክሏ?

በምናብ ዓለም ያለች አንዲት ተክል አብባ፣ አፍርታ፣ በማግስቱ ተመልሳ ቡቃያ ትሆናለች። አንደኛው መላምት ጊዜው ራሱ በሥሯ ዙሪያ ይጠመዘዛል ይላል። ሁለተኛው፣ ጊዜማ ወደፊት ይሄዳል፤ የምትመለሰው ተክሏ ናት ባይ ነው።

የመጀመሪያው ያምራል፤ ችግሩ ትሉ ነው። ጊዜው ቢመለስ ቅጠሏን የበላው ትልም ተርቦ በተገኘ ነበር። እሱ ግን ጠግቦ ቡቃያዋ ሥር ተጠቅልሏል።

እኔ ለሁለተኛው አደላለሁ። በእኛው ዓለም በብርዳም አገሮች ከበረዶው ወራት በፊት የሚዘራ ስንዴ ያለፈበትን ብርድ «አስታውሶ» ያብባል፤ በዘሩ ላይ ግን ያ ትዝታ ተሰርዞ ሁሉም እንደ አዲስ ይጀመራል። ጊዜው ወደፊት ቢሄድም፣ 2,000 ዓመት ገደማ የቆየ የይሁዳ ቴምር ዘርም በ2005 እ.ኤ.አ. በቅሏል።

ይህኛውም ቢሆን ቀዳዳ አለው፦ ትናንት የረገፈው ፍሬ ዛሬም መሬት ላይ አለ። ቡቃያዋ ለሌላ ዙር የሚሆን ጉልበት ከየት ታመጣለች?