መጽሐፉን ልግዛ ወይስ ፊልሙን? የብላክውድ እህትማማቾች ነገር

ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው የምኖረው። ማታ ማታ ከሜዳው በኩል ጅብ ይጮኻል። አስፈሪ ፊልም ስከፍት ድምፅ ማጉያ አያስፈልገኝም ማለት ነው።

ሰሞኑን አንድ ጎረቤቴ ደረጃው ላይ አስቁሞኝ «ብር የማወጣው ለመጽሐፉ ነው ለፊልሙ?» አለኝ። ስለ አሜሪካዊቷ ደራሲ ሸርሊ ጃክሰን «ሁሌም የኖርነው በግንቡ ውስጥ ነው» (We Have Always Lived in the Castle) አጫውቼው ነበር። ግንብ ሲባል የጎንደሩ እንዳይመስላችሁ፤ ትልቅ አሮጌ ቤት ነው። መጽሐፉ በፈረንጆቹ 1962 ታተመ። ፊልሙን ያዘጋጀችው ስቴሲ ፓሶን ናት፤ በ2018 ለመጀመሪያ ጊዜ ታየና ብዙ ሰው ልብ ሳይለው አለፈ።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ሁለት የብላክውድ ቤተሰብ እህትማማቾች ከአንድ በሽተኛ አጎታቸው ጋር ከመንደሩ ተነጥለው ይኖራሉ። ከስድስት ዓመት በፊት የተቀረው ቤተሰብ እራት ላይ አልቋል። ስኳሩ ውስጥ አርሴኒክ የሚባል መርዝ ነበር። ትልቋ ኮንስታንስ ተከሳ ፍርድ ቤት በነጻ ለቋታል። መንደሩ ግን አልለቀቃትም።

መጽሐፉን የምትተርክልን ታናሿ ሜሪካት ናት፤ 18 ዓመቷ ነው። የመጽሐፉ ጉልበት ያለው እዚህ ላይ ነው። ዕቃ መሬት ውስጥ ትቀብራለች፣ መጽሐፍ ዛፍ ላይ በምስማር ትመታለች፤ ቤቱን ከክፉ መጠበቋ ነው። ይህን ሁሉ የምትነግራችሁ እንደ ጤነኛ ነገር ተረጋግታ ስለሆነ፣ ሳታስቡት ታምኗታላችሁ። አንድ ቦታ እንግዶች ሻይ ሊጠጡ ይመጣሉ። ሜሪካት በትሕትና ስኳር ታቀርባለች። እንግዳዋ አልፈልግም ትላለች። አለቀ፤ ጩኸት የለም፣ ደም የለም። እኔ ግን መጽሐፉን አስቀምጬ ትንሽ ተንጎራደድኩ። እስቲ እንዲህ ያለ ነገር ሰፈራችን ቢፈጠር፣ ያ ቤት ቡና ጠጡ ብሎ ቢጠራችሁ ትሄዳላችሁ?

ፊልሙ ይህን ድምፅ ለማምጣት ሜሪካትን ከጀርባ ያስተርካታል። ይሞክራል እንጂ አይደርስበትም፤ ጭንቅላቷ ውስጥ መሆንና ፊቷን ማየት አንድ አይደለም። በሌላ በኩል ቤቱን፣ ቀለሙንና ልብሱን አይታችሁ አትጠግቡም። ሜሪካትን የምትጫወተው ታይሳ ፋርሚጋ ትከሻዋን ሰብስባ ገበያ ስትወጣ የመንደሩ ዓይን እናንተም ላይ ያረፈ ይመስላችኋል። አሌክሳንድራ ዳዳሪዮ ኮንስታንስን ሆና የምትስቀው ሳቅ ደግሞ ከለቅሶ ይብሳል። ሀብቱን አሽትቶ የሚመጣውን የአጎት ልጅ ቻርልስን የሚጫወተው ከማርቨል ጀግና ፊልሞች የምናውቀው ሴባስቲያን ስታን ነው። መጨረሻው ላይ የቻርልስ ነገር ከመጽሐፉ ይለያል። እኔ የመጽሐፉን እመርጣለሁ፤ ለምን እንደሆነ ከነገርኳችሁ ግን አበላሸሁባችሁ።

ወደ ኪሳችን እንምጣ። ፊልሙን ኦንላይን ተከራይቼ ሃያ ደቂቃ እንዳየሁ መብራት ጠፋ፣ ዋይፋዩም አብሮ ሄደ። መብራቱ በሁለተኛው ቀን ሲመጣ የኪራዩ ጊዜ አልቋል። ድጋሚ ከፈልኩ። መጽሐፉ ይህ ጣጣ የለበትም። ስልክ ላይ ከተጫነ በጨለማም ይነበባል። ወረቀቱን ካላችሁ አሮጌ መጽሐፍ ሻጮች ጋ ማፈላለግ ነው፤ ዕድል ይጠይቃል። እንግሊዝኛው አያስፈራም፣ ዓረፍተ ነገሮቿ አጫጭር ናቸው። ቀጭን ስለሆነ ከቱሉ ዲምቱ መገናኛ በሚያመላልስ ታክሲ በሳምንት ያልቃል፤ መንገዱ ከተዘጋጋማ ባነሰ።

አንዱን ብቻ ለሚገዛ ሰው መልሴ መጽሐፉ ነው። ሁለቱንም የሚችል ከመጽሐፉ ይጀምር። በድንገት የሚያስበረግግ ነገር የሚፈልግ ሰው ሁለቱንም ይተው፤ ይሰለቸዋል።

ጎረቤቴ ግን ከባለቤቱ ጋር ነው ማየት የፈለገው፤ ለሁለት ሰው ደግሞ ፊልሙ ይሻላል። አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። ቅዳሜ ማታ ተከራየው፣ ስልክህን ቀድመህ ቻርጅ አድርግ፣ ቡናው ላይ ስኳር የምትጨምሩ ከሆነ ደግሞ ፊልሙ ሳይጀመር ጨምሩ አልኩት።