ቀድማ የደረሰችው ወይስ ፈጥና የተጓዘችው? ሲሪየስ እና ግሬት ዌስተርን

እ.ኤ.አ. በኤፕሪል 1838 ሁለት የእንፋሎት መርከቦች አትላንቲክን አቋርጠው ኒው ዮርክ ለመግባት ተሽቀዳደሙ።

ሲሪየስ በለንደንና በአየርላንዷ ኮርክ መካከል እንድትመላለስ የተሠራች ትንሽ መርከብ ነበረች፤ ለዚህ ጉዞ በኪራይ ተወሰደች። 45 መንገደኞች ይዛ ኤፕሪል 4 ከኮርክ ተነሣች። በ18 ቀን ስትደርስ ከሰሏ ሊያልቅ ምንም አልቀረውም።

ግሬት ዌስተርን ግን ከጅምሩ ለውቅያኖስ የታሰበች ናት። መሐንዲሷ ብሩኔል አንድ ትልቅ ነገር ገብቶታል፦ መርከብ በቁመት፣ በጎንና በጥልቀት እጥፍ ብታድግ የመያዝ አቅሟ ስምንት እጥፍ ይሆናል፤ ውኃው ጉዞዋን የሚቋቋምበት ኃይል ግን የሚጨምረው አራት እጥፍ ገደማ ነው። ስለዚህ ትልቋ መርከብ የሚበቃትን ከሰል ይዛም ለሰውና ለጭነት ቦታ ይተርፋታል። ይህ ሐሳብ እስካሁን ያስደንቀኛል!

ማርች 31 መርከቧ ላይ እሳት ተነሣ። ብሩኔል የረገጠው መሰላል በእሳት ተበልቶ ስለነበር ከድቶት ወደቀ፤ ክፉኛም ተጎዳ። 50 ያህል መንገደኞች ፈርተው ቀሩ። ኤፕሪል 8 በ7 መንገደኞች ብቻ ተነሥታ በ15 ቀን፣ ሲሪየስ በገባች ማግስት ደረሰች፤ 200 ቶን ከሰልም ተርፏት ነበር።

አትላንቲክን በእንፋሎት የማቋረጥ ክብረ ወሰኑን ሲሪየስ ቀድማ ብትይዝም የእኔ ምርጫ ግሬት ዌስተርን ናት። ሲሪየስ ወደ አጭር መስመሯ ተመልሳ በ1847 አየርላንድ ጠረፍ ላይ ተሰበረች፤ ግሬት ዌስተርን በኒው ዮርክ መስመር እስከ 1846 ተመላለሰች።