የሱሚዳ ወንዝ የጀልባ ጉዞ፦ ጀልባው አሪፍ፣ ማስጎብኛው ግን ብዙ ይቀረዋል

ቶኪዮ የሚሄድ ሰው «የሱሚዳን ጀልባ ልሳፈር ወይስ ይቅርብኝ?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም። ተሳፈሩ። ከላይ ክፍት ወለል ያለውን ምረጡ፣ በስፒከር ከሚሰማው ማስጎብኛ ግን ብዙ አትጠብቁ።

እኔ የሄድኩት ከአሳኩሳ ተነስቶ ሃማሪክዩ የአትክልት ስፍራ የሚያደርሰውን መስመር ነው። 40 ደቂቃ ገደማ ይፈጃል። ወንዙ ላይ የሚሠሩት ድርጅቶች ከአንድ በላይ ስለሆኑ የተሳፈርኩበትን ስም ልተወው። ጀልባው ንጹሕ ነው፣ በሰዓቱ ይነሳል፣ ሠራተኞቹም ትሁት ናቸው። ጣሪያው ዝቅ ያለው ወዶ አይደለም፤ ድልድዮቹ ከውሃው ብዙም ከፍ አይሉም፣ የባሕሩ ውሃ ሲሞላ ደግሞ ይባስ ይጠባል። መስታወት ጣሪያው ሥር በፀሐይ መቀመጥ ግን መቀቀል ነው።

ቅሬታዬ ማስጎብኛው ላይ ነው። የድልድዩን ስም፣ ዓመቱንና ቀለሙን ይነግራችሁና ወደሚቀጥለው ይሮጣል። ድልድዮቹ ማማራቸውስ ያምራሉ፣ ይሄን አልክድም። ብዙዎቹ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ከ1923ቱ የመሬት መንቀጥቀጥና ቃጠሎ በኋላ የተሠሩ ናቸው፦ ኤይታይ በ1926፣ ኩራማኤ በ1927፣ ኪዮሱ በ1928። ለኔ ከሁሉም የሚበልጠው በጀርመኗ ኮሎኝ ከተማ የነበረውን ተንጠልጣይ ድልድይ አይቶ የተሠራው ኪዮሱ ነው። መጨረሻ አካባቢ ያለው ካቺዶኪ በ1940 ሲሠራ መሐሉ ተከፍቶ መርከብ ያሳልፍ ነበር፤ የመኪናው ብዛት አላስቻለ ብሎ ለመጨረሻ ጊዜ የተከፈተው በ1970 ነው።

ግን ሪዮጎኩ የሚባለው ሰፈር ስንደርስ ስለ ሱሞ ትግል ብቻ አውርቶ አለፈ። በ1657 ከተማዋ ስትቃጠል ሕዝቡ ሸሽቶ እዚህ ዳርቻ ደረሰና መሻገሪያ አጣ። ያኔ አገሩን ይገዛ የነበረው የሾጉኑ (የጦር አለቃው) መንግሥት ለመከላከያ ሲል እዚህ አካባቢ ድልድይ አላሠራም ነበር። በዚያ ቃጠሎ ወደ 100,000 ሰው እንዳለቀ ይነገራል፣ የመጀመሪያው የሪዮጎኩ ድልድይም የተሠራው ከዚያ በኋላ ነው። ማርች 10 ቀን 1945 ለሊት ደግሞ የአሜሪካ ቦምብ ጣዮች ምሥራቁን ሰፈር ሲያነዱት ሰው ወደ ወንዙና ወደ ድልድዮቹ ሮጠ፣ ብዙውም እዚያው ቀረ። ቱሪስት አይከፋበት ተብሎ ይሆናል፣ አንዲት ቃል አልተነገረንም።

ከሁሉ የገረመኝ ግን ሌላ ነው፦ ወንዙ ለምን እንዲህ ጸጥ እንዳለ ማንም አይናገርም! ሱሚዳ ቀድሞ የአራካዋ የታችኛው ክፍል ነበር። አራካዋ ከቺቺቡ ተራሮች የሚነሳ 173 ኪሎ ሜትር የሚረዝም ወንዝ ሲሆን፣ የሾጉኑ መንግሥት በ1629 መስመሩን ወደ ምዕራብ አዙሮት ውሃው ሁሉ በዚህ በኩል መውረድ ጀመረ። ለእንጨትና ለእህል ጀልባ ተመቸ፣ ጎርፉም አብሮ መጣ። በ1910 ከተማዋን ካጥለቀለቃት በኋላ መንግሥት 22 ኪሎ ሜትር ርዝመትና 500 ሜትር ገደማ ስፋት ያለው የጎርፍ ማስተንፈሻ ቦይ ለመቆፈር ወሰነ፤ ለዚህም ወደ 1,300 ቤተሰብ ከቀዬው ተነሳ። ውሃ የተለቀቀበት በ1924፣ ሥራው ያለቀው በ1930 ነው። ቦዩ ከሱሚዳ በሚለይበት ኢዋቡቺ ላይ ወደ ሱሚዳ የሚገባውን ውሃ ይቆጣጠር የነበረውን ቀይ በር ያሠራው አኪራ አኦያማ የሚባል መሐንዲስ ነው፤ የፓናማ ቦይ ሲሠራ እዚያ የነበረ ብቸኛው ጃፓናዊ መሐንዲስ እሱ ነው። ከ1965 ጀምሮ በሕግ ሰው የቆፈረው ቦይ ዋናው አራካዋ ሆነ፣ አሮጌው መስመር ደግሞ ሱሚዳ። እና ጀልባዋ ላይ ተቀምጣችሁ ቡና የምትጠጡት ጎርፉ በሌላ በኩል ስለሚሄድ ነው።

ከጀልባው ስታዩ ግራና ቀኙ ግንብ ነው፤ «ይሄ ሲሚንቶ ምንድን ነው?» ብሎ የሚያማርር ብዙ ነው። የግንቡ ሥራ የተጠናከረው በ1959 ኢሴ የባሕር ወሽመጥ አካባቢ ከ5,000 በላይ ሰው ከገደለው አውሎ ነፋስ በኋላ ነው። በምሥራቅ በኩል ያለው ሰፈር የከርሰ ምድር ውሃው ተስቦ ተስቦ መሬቱ ስለሰመጠ፣ የባሕሩ ውሃ ሲሞላ ከሱ በታች የሚሆን ቦታ አለ። ግንቡ ያስጠላል፣ ግን ይፍረስ የሚል ሰው ካለ መጀመሪያ እዚያ ይኑርበት።

ስለ ሽታው ለምትጨነቁ፣ አሁን ምንም የለም። በ1960ዎቹ ወንዙ ይሸት ነበር፤ መነሻው 1733 ነው የሚባለው የርችት በዓል እንኳ ከ1961 በኋላ ተቋርጦ በ1978 ነው የተመለሰው።

ምክሬ፦ ጀልባውን ከመያዛችሁ በፊት ባለው ቀን በናምቦኩ የባቡር መስመር አካባኔ ኢዋቡቺ ጣቢያ ወርዳችሁ፣ ትንሽ በእግር ሄዳችሁ ቀዩን በር እዩት። አጠገቡ አሁን የሚሠራው ሰማያዊ በር አለ፤ በ2019ኙ ከባድ አውሎ ነፋስ ጊዜ የተዘጋው እሱ ነው። እዚያው አቅራቢያ ስለ ወንዙ የሚያስረዳ በነጻ የሚገባበት ሙዚየምም አለ። ከዚያ በኋላ ስፒከሩ ምንም ቢል ግድ አይሰጣችሁም።

ለጀልባው ከ5 ኮከብ 4 እሰጠዋለሁ፣ ለማስጎብኛው 2። ቁልቁል ስትወርዱ በግራ በኩል ተቀመጡ፣ ስካይትሪ የሚባለው ረጅም ማማም ሪዮጎኩም በዚያ በኩል ናቸው። ሃማሪክዩ ስትደርሱም ቶሎ አትውጡ፤ ኩሬው ከባሕሩ ጋር በበር ስለሚገናኝ ውሃው ከፍና ዝቅ ሲል ማየት ይቻላል።