ዐይኑን እስኪገልጥ፦ የታደሰው «ካሊጋሪ» በዲስክ

የድሮ ድምፅ አልባ ፊልም ላይ ሂፕኖቲዝም (አፍዝ አደንግዝ) ሲባል፣ እጁን የሚያወናጭፍ ሰውዬና ወንበር ላይ ዘፍ ብላ የምትተኛ ሴት ብቻ ከመሰላችሁ ይሄን ዲስክ ግዙ። «የዶክተር ካሊጋሪ ቁም ሳጥን» ነው፤ ሮበርት ቪነ ጀርመን ውስጥ ሠርቶት በ1920 እ.ኤ.አ. በርሊን ላይ ለእይታ የበቃ። ዲስኩ ላይ ያለው በ2014 የወጣው እድሳት ነው።

ካሊጋሪ ባዛር ላይ ድንኳን ተክሎ፣ 23 ዓመት ሙሉ ተኝቷል የሚለውን ቼዛሬን ለሕዝብ ያሳያል። ሳጥኑን ይከፍታል። ተነስ ይለዋል። ካሜራው ቼዛሬን ሆኖ በሚጫወተው በኮንራድ ፋይት ፊት ላይ ቀጥ ይላል። ሽፋሽፍቱ ይርገበገባል፣ ዐይኑ ቀስ ብሎ ይከፈታል፣ ከዚያ ፍጥጥ። ድምፅ የለም፣ ግን እኔ ትንፋሼን ይዤ ነበር። ቀጥሎ ከታዳሚው አንዱ «እስከ መቼ እኖራለሁ?» ብሎ ይጠይቀዋል፤ መልሱ «እስኪነጋ ድረስ» ነው።

ምስሉ በጣም ጠርቷል። ጥላና ብርሃኑ ሸራ ላይ በቀለም የተሳለ ስለሆነ፣ አሁን የብሩሹ ጭረት ሳይቀር ይታያል። እድሳቱ የተሠራው ከካሜራው ኔጋቲቭ፣ ማለትም ቀረጻው ላይ ካሜራው ውስጥ ከነበረው ፊልም ነው፤ የመጀመሪያው ጥቅልል ግን ጠፍቶ ስለነበር ከሌሎች ቅጂዎች ነው የሞሉት። መጀመሪያ ላይ ደብዘዝ ቢልባችሁ ቲቪያችሁን አትውቀሱ።

ለእኔ ትልቁ ነገር ጽሑፉ ነው። ድምፅ በሌለበት ፊልም አፍዝ አደንግዙ በጆሮ ሊገባ አይችልም፣ ስለዚህ ትእዛዙ ራሱ በዐይን ይታያል። ካሊጋሪ የሚባለውን የድሮ ሰው የመሆን አባዜ የያዘው ዶክተር ውጭ ሲንከራተት «ካሊጋሪን መሆን አለብህ» የሚሉት ቃላት አየሩ ላይ፣ ዛፉ ላይ እየተጻፉ ይከቡታል። እሱ የሚያነበውን እኛም እኩል እናነባለን፤ ትእዛዙ ለእኛም የመጣ ነው የሚመስለው። ፊልሙ ከመውጣቱ በፊት ይቺው ዐረፍተ ነገር በርሊን ውስጥ ማስታወቂያ ላይ ተለጥፋ ነበር፣ ምንም ማብራሪያ ሳይኖራት።

አንድ ቅሬታ አለኝ። የትርጉም ጽሑፉ በነጭ ፊደል ከታች ይመጣል፣ እና እዚያ ትዕይንት ላይ ዐይናችሁን ወደ ታች ይጎትተዋል። ሁለተኛ ጊዜ ሳየው አጠፋሁት። ጀርመንኛ አልችልም፣ ግን ፊደሎቹ አንድ በአንድ ሰውዬው ራስ ላይ ሲበሩ ትርጉሙ አልናፈቀኝም። መጀመሪያ ከነትርጉሙ እዩት፣ ከዚያ መብራት አጥፍታችሁ ያለ ትርጉም ድገሙት።